እንዴት እንደሚከሰኝ ያስረዳሁት ሰው

ማስረዳት እወዳለሁ። ይህን አስቀድሜ የምነግራችሁ ኋላ ላይ «ምነው አፍህን ብትዘጋ» እንዳትሉኝ ነው፤ እንዲህ የሚሉኝ በቂ ሰዎች አሉኝ። መንገድ የጠፋው ሰው «ቤተ ክርስቲያኑ በየት በኩል ነው?» ብሎ ቢጠይቀኝ፣ አቅጣጫውን ካሳየሁት በኋላ መንገዱ ለምን እንደሚጠማዘዝ፣ አቋራጭ የሚሉት ደግሞ ለምን እንደማያቋርጥ ሳልነግረው አልለቀውም። ቅዳሴ ያመለጠው ምእመን በእኔ ምክንያት ጥቂት አይደለም። እናቴ «ይህ ልጅ ሲወለድ አላለቀሰም፤ ለምን እንደመጣ ነው የዘረዘረው» ትላለች። የሥነ ዜጋ መምህር የሆንኩትም ለዚህ ነው። ደሞዝ እየተከፈለኝ ማስረዳት እንደምችል ስሰማ ሌላ ሙያ ማየት አላስፈለገኝም።

ታዲያ ጎንደር ውስጥ ያለ አንድ ኮሌጅ የሥነ ዜጋ መምህር አወዳድሮ ለመቅጠር ማስታወቂያ አወጣ። መስፈርቱ አጭር ነበር፤ ሁለተኛ ዲግሪና ሁለት ዓመት የማስተማር ልምድ። ሁለቱም አለኝ። አይከል ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት አስተምሬያለሁ፤ ከዚያ ሄጄ ሁለተኛ ዲግሪዬን ይዣለሁ፤ ከዚያ እዚያው አይከል ተመልሼ የዲግሪዬ ቀለም ሳይደርቅ ክፍል ገብቻለሁ። ቅደም ተከተሉን በጥሞና ያዙልኝ፤ መጀመሪያ ልምድ፣ ቀጥሎ ዲግሪ። ጦሱ ያለው እዚያ ላይ ነው።

ተፈተንኩ። የሙከራ ትምህርት ስጥ ተባልኩ፤ ሰጠሁ፤ አቁም ተባልኩ፤ አላቆምኩም። በመጨረሻ አንዱ ፈታኝ ጠመኔውን ከእጄ ወስደው ኪሳቸው ከተቱት። ቢሆንም ስሜ ከኮሌጁ ሰሌዳ ላይ አንደኛ ሆኖ ተለጠፈ።

አይከል ደግሞ የኮሌጅ መምህር የሆነ ልጇን በባዶ እጁ አትሸኝም። ባልደረቦቼ አዋጥተው ትልቅ የቆዳ ቦርሳ ገዙልኝ፤ ከነሱሪዬ ብገባበት የሚዘጋ። ርዕሰ መምህሩ «ከእንግዲህ በኮሌጅ ቋንቋ እንጂ በእኛ አያናግረንም» ብለው ሰው አሳቁ። የእናቴ ወንድም አያ ታከለ ቆመው መረቁኝ። ምርቃቱ እንዳለቀ ክፍሌ ለአዲስ መምህር ተሰጠ፤ ያው መምህር የተከራየሁትን ቤት ተከራየ፤ ያላመድኳት ድመቴ እንኳ ለእሱ ቀረች። እንዲህ ተሸኝቶ «ቀረ፣ አልተሳካም» ብሎ መመለስ አለ? ቦርሳውን በየት በኩል ይዤ ነው የምገባው? ስለዚህ ከዚያን ቀን ጀምሮ የዚያ ኮሌጅ በር ከተዘጋብኝ በዓለም ላይ ሌላ በር አልነበረኝም።

ከጎንደር ወጣ ብሎ ፀዳ ላይ አንዲት ክፍል ተከራይቼ የቅጥር ደብዳቤዬን እጠብቅ ጀመር። አንድ ጠዋት ወደ ፒያሳ ልወጣ ሚኒባስ ይዤ ስሄድ፣ አዘዞ ላይ አንድ ቀጠን ያለ ሰው ገብቶ ከጎኔ ተቀመጠ። ስልክ እያናገረ ነው። አንድ ሥራ ተወዳድሮ ሁለተኛ እንደወጣ፣ አንደኛ የወጣው ሰውዬ ልምዱን ያገኘው ከሁለተኛ ዲግሪው በፊት እንደሆነ፣ እንዲህ ያለው ልምድ ሊቆጠር እንደማይገባው እየተናገረ ቆይቶ በረጅሙ ተነፈሰና «ግን የት ነው የሚከሰሰው?» አለ።

አስቡት። ያልተመለሰ ጥያቄ ሚኒባስ ውስጥ ተንጠልጥሏል። የተራበ ሰው ፊት ጥሬ ሥጋ ማንጠልጠል ከዚህ ይሻላል።

«ይቅርታ ወንድሜ» አልኩት፣ ስልኩን ገና ሳይዘጋ። «አይከሰስም። መጀመሪያ ቅሬታ ነው የሚቀርብበት።»

ከዚያማ ማን ያቆመኛል። አንደኛ፣ ለኮሌጁ ቅሬታ ሰሚ ኮሚቴ በጽሑፍ ማመልከት እንዳለበት አስረዳሁት። ሁለተኛ፣ «ልምዱ ለደረጃው የሚመጥን አይደለም» በሚለው ላይ ብቻ መቆም እንዳለበት፣ ሰውየውን መስደብ ጉዳዩን እንደሚያበላሽበት ነገርኩት። እሱም ወረቀት አውጥቶ ይጽፋል። እንዲህ ያለ ተማሪ ያየሁት ስንት ጊዜ ነው? ሦስተኛውን ልጀምር ስል ቀና ብሎ «ሰውየው ከአይከል ነው የመጣው አሉ» አለኝ። «ትልቅ የቆዳ ቦርሳ ሁሉ ሸልመውት።»

ቦርሳው ጭኔ ላይ ነው።

ሌላ ሰው ቢሆን እዚህ ላይ «ወራጅ አለ» ብሎ ይወርድ ነበር። እኔ ኮቴን አውልቄ ቦርሳውን ሸፈንኩና ወደ ሦስተኛው ነጥብ አለፍኩ። ምን ላድርግ? ሦስት ነጥቦች አሉ ብዬ ጀምሬያለሁ። ሁለት ነጥብ ላይ የቆመ ማብራሪያ ሁለት እግር እንዳለው በርጩማ ነው። ሦስተኛ፣ ውሳኔ እስኪሰጥ ድረስ የሰውየው ቅጥር ታግዶ እንዲቆይ መጠየቅ አለበት አልኩት፤ «ይህን ካልጠየቅክ ሰውየው ሥራ ይጀምርና ድካምህ ሁሉ ከንቱ ነው።» ያልገባው ነገር ካለ እንዲደውልልኝም ስልኬን ሰጠሁት።

ፒያሳ ስንደርስ አመስግኖኝ አላበቃም፤ የመሳፈሪያዬን ሂሳብ ከፈለልኝ። ከሳሹ ሚኒባስ የከፈለለት ተከሳሽ ከእኔ በፊት መኖሩን አላውቅም።

ሰውየው እንድሪስ ይባላል። አባቱ፣ አያቱ፣ ቅድመ አያቱ ጎንደር ገበያ ጨርቅ ነጋዴ ናቸው፤ እሱ ግን ከሜትር ጠመኔ መርጦ አስተማሪ ሆነ። አባቱ ለብዙ ጊዜ ታግሠው በመጨረሻ ቁርጡን ነግረውታል፤ ኮሌጁ ከወሰደው ይሁን፣ ካልወሰደው ሱቁ ውስጥ ቆሞ የመጋረጃ ጨርቅ ይቆርጣል። ይህን ያወቅሁት ግን ቆይቶ ነው። ከሚኒባሱ በኋላ መጀመሪያ የተያየነው ኮሚቴው ፊት ነው።

እኔ ስገባ ቀና ብሎ አየኝ። ቀጥሎ ቦርሳውን አየው። ቀጥሎ እንደገና እኔን።

«አንተ ነህ?»

«እኔ ነኝ።»

«ታዲያ ያን ጊዜ ምነው ዝም አላልክ?»

«ሦስተኛው ነጥብ ቀርቶኝ ነበር።»

የኮሚቴው ሰብሳቢ ቅሬታውን ጮክ ብለው አነበቡት። መደንገጥ ሲገባኝ ኮራሁ። ነጥቦቹ በየተራቸው ተሰድረዋል፤ ስድብ የለበትም፤ ያልኩት ሁሉ ያልኩት ቦታ ላይ አለ። ሦስተኛው ሲነበብ ሳላስበው ራሴን ነቀነቅሁ። ሰብሳቢው ከመነጽራቸው በላይ አይተውኝ «ተስማማህ ማለት ነው?» አሉኝ። በሰፈሩት ቁና መሰፈር አይቀርም ይባላል፤ እኔ ደግሞ ቁናውን አበድሬ እህሉንም ራሴ ነው የሞላሁት። ቅጥሬ ታገደ፣ ውጤቴ ተሰረዘ።

በቀጣዩ ደረጃ የሚኬደው ወደ አስተዳደር ፍርድ ቤት ነው። ሄድኩ። መጥሪያው ሲደርሰው እንድሪስ ደወለልኝና «ሚኒባስ ውስጥ ‹መጀመሪያ ቅሬታ ነው› ብለኸኝ ነበር፤ አሁን ቀጣዩ ደረጃ ላይ ደረስን ማለት ነው?» አለኝ። «አዎ፣ መልስህን በጽሑፍ ይዘህ ቅረብ» አልኩት። ደግሞስ ማን ይንገረው?

እኔም በተራዬ የእሱን መስፈርት ፈተሽኩ። ልምዱ ከግል ትምህርት ቤት ነው። ከግል ድርጅት የሚመጣ የሥራ ልምድ ማስረጃ ደግሞ የሥራ ግብር መከፈሉን ካልገለጸ ብዙ ቦታ አይያዝም፤ የእሱ ማስረጃ ስለ ግብር አንድም ቃል አይልም። ችሎት ቆሜ «ክብርት ዳኛ፣ ግብር ያልተከፈለበት ማስተማር በሕግ ዓይን ጨዋታ ነው» አልኩ። እንድሪስ ተነሣ። «ክብርት ዳኛ፣ ያለ ሁለተኛ ዲግሪ የተገኘ ልምድ ለኮሌጅ ማቅረብ በቅሎ ስጋልብ ኖሬያለሁና ማኪና ልንዳ እንደማለት ነው» አለ።

ከኋላ ወንበር «ሸጋ ተናገረ! ምነው ይህን ልጅ ማን ወልዶት ይሆን?» የሚል ድምፅ ተሰማ። አያ ታከለ ናቸው። እኔን ሊደግፉ ከአይከል ድረስ መጥተው ነው። አያ ታከለ በጎልማስነታቸው በአንድ የማሳ ድንበር ምክንያት ከጎረቤታቸው ጋር ሲሟገቱ የኖሩ ሰው ናቸው፤ ጎረቤቱ ሲሞት ከሁሉ በላይ ያለቀሱት እሳቸው ነበሩ፤ ደህና ተከራካሪ አጡ። ዘበኛው በር ላይ ዘንጋቸውን ስለወሰደባቸው «ያለ ዘንግ ነገር አይገባኝም» እያሉ ሲያጉረመርሙ ነበር፤ የበቅሎዋን ነገር ሲሰሙ ግን ገባቸው።

ያ ቀን ረቡዕ ነበር። ቀጠሮ ተሰጠንና ሦስታችንም እየተራብን ወጣን። ጎንደርን ለማያውቅ ላስረዳ፤ ክርስቲያኑና እስላሙ እዚህ አገር አብሮ ይነግዳል፣ አብሮ ያለቅሳል፣ አብሮ ይስቃል፤ ሥጋ ሲሆን ግን ሁሉም የየራሱን ነው የሚበላው። ረቡዕ ደግሞ የጾም ቀን ነው፤ ጾም ላይ ሥጋ የለም፤ ሽሮና ጎመን ሃይማኖት አይጠይቁም። ስለዚህ ከሳሽ፣ ተከሳሽና አያ ታከለ አንድ የበያይነት ትሪ ከበብን። እንድሪስ አጎረሰኝ። በቅሎ ጋላቢ ያለኝን ሰው እጅ ጎረስኩ፤ ጣፈጠኝ። ሂሳቡን ለመክፈል የተናነቅነው ግን ችሎቱ ላይ ከተከራከርነው ይብሳል።

አያ ታከለ እያኘኩ ስለ ድሮ ሙግት ያወሩልን ጀመር። በዚያን ጊዜ ከሳሽና ተከሳሽ በነጠላቸው ጫፍ ይቋጠሩና ቁራኛ ሆነው፣ ዳኛ እስኪፈርድ ድረስ አብረው እየበሉ አብረው እየተኙ ይሄዱ እንደነበር ነገሩን።

«እኛስ ምን ቀረን?» አለ እንድሪስ፤ «መተኛቱ ብቻ ነው።»

«እሱ ይቅርብህ። በእንቅልፍ ልቤም አስረዳለሁ።»

ቀጠሉ አያ ታከለ። አንድ ጊዜ ያ ጎረቤታቸው፣ እሳቸው ጅረት እየተሻገሩ ሳሉ፣ ከማዶ ሆኖ «በሕግ አምላክ!» አላቸው። በሕግ አምላክ የተባለ ሰው ባለበት ይቆማል፤ ካልቆመ ሰው አይደለም። እሳቸው ደግሞ አንድ እግራቸውን አንሥተው ነበር። ታዲያ አንደኛውን እግር ድንጋይ ላይ፣ ሌላውን አየር ላይ አድርገው እንደ ሳቢሳ ወፍ ቆሙ፤ ያው ያቆማቸው ሰውዬ መጥቶ «በል ተሻገር» እስኪላቸው ድረስ። እንድሪስ ሽሮው ትን እስኪለው ሳቀ። ሲስቅ ግን ዓይኑ እኔ ላይ ነበር። ምን እያሰበ እንደሆነ ያኔ አልገባኝም።

ተከታዩ ቀጠሮ ሐሙስ ላይ ዋለ። ያን ቀን አያድርስ። እኔ አንደኛው ምሳ ቤት በር ላይ፣ እሱ ከማዶ ባለው ምሳ ቤት በር ላይ፣ አስፋልቱ መሐላችን ሆኖ ፊት ለፊት ተቀመጥን። ማኪና ሲያልፍ ጠብቀን አንድ አንድ ቃል እንጯጯሃለን። ጉርሻ አስፋልት አይሻገርም። ከሰዓት በኋላ ችሎት ስንመለስ ዳኛዋ አዲስ ቀጠሮ ሊሰጡ ሲሉ ሁለታችንም እኩል ተነሣንና ረቡዕ እንዲሆንልን ለመንን።

«ከሳሽም ተከሳሽም?» አሉ ዳኛዋ፤ እስከዚያ ድረስ በምንም ተስማምተን አያውቁም። «ምክንያታችሁ ምንድን ነው?»

«ጾም ነው፣ ክብርት ዳኛ» አለ እንድሪስ።

ዳኛዋ ከመዝገቡ ላይ ስሙን አንድ ጊዜ አነበቡ። አሁንም አነበቡ። ከዚያ ረቡዕ ብለው ጻፉ።

በዚያ ረቡዕ ነገሩ ሁሉ ተገለበጠ። የኮሌጁ ነገረ ፈጅ፣ ሁልጊዜ የሚቸኩል ሰው፣ ቆሞ አንድ ነባር መምህር ለትምህርት በመሄዱ ኮሌጁ አሁን የሚፈልገው ሁለት መምህር መሆኑን ለፍርድ ቤቱ አስታወቀ። ሁለታችንም መስፈርቱን ካሟላን ሁለታችንም እንቀጠራለን። አንዳችን ከወደቅን ግን ውድድሩ ስለሚበላሽ ሁሉም ተሰርዞ እንደገና ማስታወቂያ ይወጣል።

እንድሪስና እኔ ተያየን። አንዳችን የሌላውን ጉድጓድ ስንቆፍር ከርመን፣ ለካ ጉድጓዱ አንድ ነው።

«ክብርት ዳኛ፣ ያልኩትን አንሥቻለሁ» አልኩ። «እኔም» አለ። ዳኛዋ ግን እንዲህ በቀላሉ የሚለቁ አይደሉም። መስፈርት እንደ ማሳ ድንበር በዕርቅ የሚነሣ የሁለት ሰው ጉዳይ እንዳልሆነ፣ የአመልካች ሁሉ እንደሆነ ገለጹልን። ማስረዳት ይችሉበታል፤ ተማሪያቸው ብሆን ደስ ባለኝ። በመጨረሻም «አንዳችሁ በሌላችሁ ላይ የተናገራችሁት እዚህ ተጽፏል። የካባችሁትን ራሳችሁ ናዱት» አሉና ለሚቀጥለው ረቡዕ ቀጠሩን።

በዚያ ሳምንት ያልተለማመድንበት ቦታ የለም። ከአዘዞ እስከ ፒያሳ ሚኒባሱ ችሎት ሆነ። እኔ እንድሪስን ስከላከል እንድሪስ እኔን ይከላከላል፤ ተሳፋሪው ደግሞ በሁለታችን ይፈርዳል። አንዲት ጎመን የያዙ እናት የሁለታችንንም ጉዳይ ሰምተው ሲያበቁ «እናንተ ልጆች፣ እሺ ጥፋተኛው ማነው?» ብለው ጠየቁን። ችግሩ የእኔ ነበር። እኔ አንድን ነገር በደንብ ካስረዳሁ በኋላ ተቃራኒውንም ካላስረዳሁ ያመኛል። ለተማሪዎቼ ሁልጊዜ «ማንኛውም ጉዳይ ሁለት ወገን አለው» እላለሁ። ስለዚህ እንድሪስን በሚገባ ከተከላከልኩ በኋላ አፌ በራሱ ጊዜ «በሌላ በኩል ሲታይ ግን» ይላል። በዚያች ሐረግ ምክንያት እንድሪስ ብዙ ጊዜ ክርኑን ጎኔ ላይ አሳርፏል።

ዕለቱ ደረሰ። አያ ታከለ ከኋላ ተቀምጠዋል፤ ዘንጋቸውን ለዘበኛው ራሳቸው ሰጥተው ነው የገቡት። እንድሪስ ቀደመ። በበቅሎ የተጓዘ ሰው ቢያንስ መንገዱን እንደሚያውቅ፣ ማስታወቂያው ሁለት ዓመት ማስተማርን እንጂ መቼ መሆኑን እንዳልጠየቀ፣ ያልተጠየቀውን ከውድድር በኋላ መጨመር ለሌሎቹም አመልካቾች በደል እንደሆነ ተናግሮ ተቀመጠ። ሲቀመጥ በዓይኑ «አደራ» አለኝ።

ተነሣሁ። ግብርን ከደሞዝ ቀንሶ የሚያስገባው አሠሪው እንጂ መምህሩ እንዳልሆነ አስረዳሁ። እንድሪስ ክፍል ገብቶ ማስተማሩን ማንም እንዳልካደ፣ የጎደለው የማስረጃው አጻጻፍ እንደሆነ፣ ትምህርት ቤቱም ግብሩን መክፈሉን የሚገልጽ ማረጋገጫ አሁን ማቅረቡን ተናገርኩ። ቀደም ሲል «ጨዋታ» ያልኩት ነገር ጨዋታ እንዳልሆነ፣ ከሰማንያ ልጅ ጋር የተዘጋበት ሰው እንደሚያውቀውም ጨመርኩ። ዳኛዋ ፈገግ አሉ። ነገረ ፈጁ ሰዓቱን እያየ ራሱን ነቀነቀ። አለቀ፤ መቀመጥ ብቻ ነው የቀረኝ። አይከል፣ ቦርሳው፣ የመጋረጃው ጨርቅ፣ ሁሉም በእኔ መቀመጥ ላይ ተንጠልጥሏል።

«ጨረስክ?» አሉኝ ዳኛዋ።

«ጨርሻለሁ፣ ክብርት ዳኛ። በሌላ በኩል ሲታይ ግን —»

«በሕግ አምላክ!»

እንድሪስ ነው። ጣራው አስተጋባ። እኔ አፌን እንደከፈትኩ፣ እጄን እንደዘረጋሁ ደረቅሁ። ነገረ ፈጁም ደረቀ። ኮሪደር ላይ ይሄድ የነበረ አንድ ባለጉዳይ ሳይቀር ቆመ። ከኋላ አያ ታከለ በቀስታ «እሰይ» ሲሉ ይሰማኛል።

ዳኛዋ ብዕራቸውን እንድሪስ ላይ ቀሰሩ። «እዚህ ቤት ውስጥ ሕግን የምጠራው እኔ ነኝ» አሉት።

«ይቅርታ፣ ክብርት ዳኛ። እሱን በሌላ ነገር ማቆም አይቻልም።»

ዳኛዋ ወደ እኔ ዞሩ። አፌ አሁንም ክፍት ነው። ሳቃቸውን በመዝገቡ ሲሸፍኑት ትከሻቸው ግን አልተሸፈነም። ከዚያ «ተቀመጥ» አሉኝ፤ ተቀመጥኩ። ማስታወቂያው ያልጠየቀውን ፍርድ ቤት እንደማይጠይቅ፣ የእንድሪስ ማስረጃም አሁን የተሟላ መሆኑን ገልጸው፣ ሁለታችንም መስፈርቱን እናሟላለን ብለው ወሰኑ። በሕይወቴ አንድን ነገር ሳላስረዳ አሸንፌ አላውቅም ነበር። ያዞራል።

ውጭ ስንወጣ እንድሪስ እየዘለለ ለአባቱ ደወለ። ያዘኑት አያ ታከለ ብቻ ናቸው፤ ዘንጋቸውን ተቀብለው «ምነው እንዲህ ያለ ሸጋ ሙግት ይግባኝ አይባልበት?» እያሉ እስከ መናኸሪያ ድረስ ለመኑን።

አሁን ሁለታችንም ኮሌጁ ውስጥ ነን። የቦታ ጥበት ስላለ አንድ ትልቅ ክፍል በችፑድ ለሁለት ተከፍሎልናል። በዚህ በኩል እኔ፣ በዚያ በኩል እሱ። ቁራኛ የሚቋጠረው ከፍርድ በፊት ነበር፤ እኛ ከፍርድ በኋላ ተቋጠርን።

ባለፈው የተማሪዎቼን የመጀመሪያ ፈተና አርሜ መለስኩላቸው። ፊት ወንበር ላይ የምትቀመጥ ተማሪ እጇን አወጣችና፣ በተሰጣት ውጤት ያልተስማማች ተማሪ ቅሬታዋን እንዴት እንደምታቀርብ ጠየቀችኝ። ቅሬታው የሚቀርበው በእኔ ላይ እንደሆነ ይታወቀኛል። ግን እንዴት ያለ ሸጋ ጥያቄ ነው! ክፍሉ በሙሉ ደብተሩን ገለጠ። ጠመኔ አነሣሁ። አንደኛ ብዬ ጻፍኩ። ሁለተኛ ብዬ ጻፍኩ። መምህሩ እንዴት መውጫ እንደሚያጣ የሚያሳየውን ሦስተኛውን ልጽፍ ተረከዜን አንሥቼ ስንጠራራ፣ ከችፑዱ ማዶ ያ ድምፅ መጣ።

«በሕግ አምላክ!»

አንድ እግሬን አንሥቼ፣ ጠመኔውን ሰቅዬ ቆምኩ። ተማሪዎቹ ብዕራቸውን ደብተር ላይ አድርገው ሦስተኛውን ይጠብቃሉ። የአያ ታከለ የእህት ልጅ ነኝና «በል ተሻገር» እስኪለኝ ድረስ መጠበቅ አለብኝ፤ እንድሪስ ግን ምንም እንዳልተፈጠረ ትምህርቱን ቀጠለ። ደወል እስኪደወል ቆሜ ነበር። ሦስተኛው ነጥብ እስከ ዛሬ አልተጻፈም።